ስለ ብቸኝነት ዘጋቢ ፊልም አሠራር፦ በአንድ ካሜራ፣ በአንድ ሰው

ስለ ብቸኝነት የሚሠራ ዘጋቢ ፊልም ሌላው የማይገጥመው እንቅፋት አለበት። ብቻቸውን የሚኖሩ ሰው ቤት ካሜራ ይዞ የገባ ሁሉ እንግዳ ነው። እንግዳ ሲመጣ የተበተነው ልብስ ይነሣል፣ ቡና ይቆላል፣ ፊት ይፈታል፤ ሊቀረጽ የታሰበው ነገር በቀራጩ መምጣት ብቻ ይጠፋል። የባሰው ግን ቀራጩ ሲሄድ የሚሆነው ነው። ለወራት በየሳምንቱ ሲመላለስ የነበረ ሰው ሥራው አልቆ ድምፁ ሲጠፋ፣ ፊልሙ ሊያሳየው የፈለገውን ጉዳት ራሱ ያባብሰዋል። ከዚህ በታች ያለው ምክር፣ ስለ ሌንስና ስለ ሚሞሪ ካርድ የሚናገረው ጭምር፣ ከእነዚህ ሁለት ችግሮች የሚነሣ ነው።

ምሳሌው የተወሰደው ከአዲስ አበባ ነው። በልደታ መልሶ ማልማት፣ በኋላም በ2016 ዓ.ም. በተጀመረው የኮሪደር ልማት ከነባር ሰፈራቸው ተነሥተው ዳር ከተማ ወዳሉ ኮንዶሚኒየሞች የገቡ አረጋውያን ብዙ ናቸው። በድሮው ግቢ አንድ የውሃ ቧንቧና አንድ የውጭ በር ለብዙ ቤት ነበር፤ ሰው ሳይፈልግም ይገናኝ ነበር። አዲሱ ቤት ሊፍት የሌለው ባለ አራት ፎቅ ነው። ጉልበታቸው የደከመ ሰው አራተኛ ፎቅ ከደረሳቸው በቀን አንድ ጊዜ መውረድም ይከብዳቸዋል፤ እድራቸውም ድሮው ሰፈር ቀርቷል።

ማንን እንቅረጽ?

"ብቸኝነት" ብቻውን ርዕስ ለመሆን ይሰፋል። የዓለም ጤና ድርጅት በፈረንጆቹ 2025 ባወጣው ሪፖርት ከ6 ሰው አንዱ ብቸኝነት እንደሚያጠቃው ገልጿል። ይህ ቁጥር ገንዘብ ለሚሰጡ ድርጅቶች በሚጻፍ ማመልከቻ የመጀመሪያ አንቀጽ ላይ ይጠቅማል፤ ፊልሙ ውስጥ ግን ተመልካቹን ከሰው ያርቀዋል። ለፊልሙ የሚያስፈልገው አንድ ጥያቄ ነው፦ እኚህን ሰው በሳምንት ውስጥ ከቤት የሚያወጣቸው ምንድን ነው? ወር በገባ በመጀመሪያው እሑድ ሁለት ታክሲ ቀይረው ለእድር ስብሰባ ድሮው ሰፈር የሚሄዱ እናት ካሉ፣ ፊልሙ መነሻና መድረሻ አገኘ ማለት ነው። ምንም የማያወጣቸው፣ ማንም የማይመጣባቸው ሰው ግን ለርኅራኄ እንጂ ለፊልም አይመቹም፤ አንድ ሰዓት ሙሉ የሚያዘግም ሐዘን ብቻ ይሆናል።

ብቻ መኖርንና ብቸኝነትንም ለዩ። ብቻቸውን እየኖሩ በ12 የሚካኤል፣ በ21 የማርያም፣ በ27 የመድኃኔዓለም ማኅበር ያላቸው ሴት ከማንም በላይ በሰው የተከበቡ ሊሆኑ ይችላሉ። በተቃራኒው ከልጅና ከልጅ ልጅ ጋር እየኖሩ ቀኑን ሙሉ አንድ ቃል የማያወጡ አባት አሉ። ሁለቱን ጎን ለጎን ማቅረብ ጥሩ ፊልም ይወጣዋል። ለአንድ ሠሪ ሁለት ወይም ሦስት ባለታሪክ ይበቃል፤ አራተኛው ሲጨመር ማንንም በቅጡ ማወቅ አይቻልም።

ሰው የምትፈልጉት በማስታወቂያ አይደለም። ብቸኛ የሆነ ሰው "እኔ ብቸኛ ነኝ" ብሎ ስልክ አይደውልም፤ ገመና ነዋ። የእድር ጸሐፊን፣ የብሎኩን ጥበቃ፣ የመስጊዱን ሽማግሌዎች፣ የባለሱቁን ልጅ ጠይቁ። በተለይ እንጀራ የምትሸጠው ሴት በየቀኑ አንድ እንጀራ ብቻ የሚገዛው ማን እንደሆነ ታውቃለች።

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ጉብኝቶች ያለ ካሜራ ይሁኑ። በሦስተኛው ቦርሳው ይግባ፣ አይከፈት። በአራተኛው ትራይፖዱን ዘርጉ፤ ካሜራው ላዩ ላይ ይቀመጥ እንጂ የምትቀርጹት ቡናውንና መስኮቱን ብቻ ነው። ይህ ጊዜ ማባከን የሚመስለው ሰው በኋላ በኤዲቲንግ ያለቅሳል፤ በመጀመሪያው ቀን የተቀረጸ ቃለ መጠይቅ ላይ ባለታሪኩ የሚናገሩት ለቴሌቪዥን ጋዜጠኛ የሚነገረውን ስለሆነ ሙሉ በሙሉ ይጣላል። በጠቅላላው ከ12 እስከ 15 የቀረጻ ቀን ያዙ፤ ግን ቢያንስ በስድስት ወር ላይ ይበተኑ፣ ክረምትና በጋን፣ አንድ ሁለት በዓልን እንዲያቋርጡ።

ፈቃድ

የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 27 የአንድ ሰው ፎቶግራፍ ወይም ምስል ያለ ፈቃዱ ለሕዝብ እንዳይታይና እንዳይባዛ ይከለክላል። ስለዚህ ስምምነቱን በጽሑፍ ያዙ። ማንበብ ለማይችሉ ወይም ዓይናቸው ለደከመ ሰው ግን አውራ ጣት ያረፈበት ወረቀት ብቻውን ትርጉም የለውም። ስምምነቱን ድምፅ አውጥታችሁ አንብቡላቸው፤ ከዚያ ካሜራ ከፍታችሁ በራሳቸው አነጋገር መልሰው እንዲነግሯችሁ አድርጉ፦ ፊልሙ ስለ ምን እንደሆነ፣ የት የት እንደሚታይ፣ ልጆቻቸውና ጎረቤቶቻቸው ሊያዩት እንደሚችሉ፣ ከመውጣቱ በፊት ሐሳባቸውን ቢቀይሩ የፈለጉት ክፍል እንደሚወጣ። "ኢንተርኔት ላይ" ማለት ምን እንደሆነ በስልክ አሳዩ፤ ካላሳያችሁ አልተስማሙም።

የማስታወስ ችግር የጀመራቸው ሰው ዛሬ የፈቀዱትን ነገ ሊረሱ ይችላሉ። ያኔ በየቀረጻው ቀን እንደገና ጠይቁ፤ የቅርብ ዘመድም ይኑር።

ብዙ ጊዜ ችግር የሚፈጠረው በባለታሪኩ ሳይሆን ውጭ አገር ባሉ ልጆች ነው። እናት በፊልሙ ላይ "የሚጠይቀኝ የለም" ሲሉ፣ ዋሽንግተን ሆኖ በየወሩ ገንዘብ የሚልክ ልጅ በዘመድ ፊት ይዋረዳል። ፊልሙ ሳይወጣ ደውሉለት፣ የእሱንም ድምፅ አስገቡ፤ ብቸኝነቱ ብዙ ጊዜ በሁለቱም ወገን ነው። በስልክ የሚደረግ የቪዲዮ ጥሪ ስትቀርጹ በማዶ ያለው ሰው መቀረጹን ከመጀመሪያው ሰላምታ በፊት ይወቅ። ልጅቷ ቤሩት ወይም ሪያድ በሰው ቤት የምትሠራ ከሆነ ፊቷንና ድምጿን አታውጡ፤ አሠሪዎቿ ቢያዩት የሚደርስባትን መተንበይ አይቻልም።

ለቃለ መጠይቅ ገንዘብ አትክፈሉ። ለእንባ ከተከፈለ እንባ ይመጣል፣ ከዚያ በኋላ እውነቱን ማወቅ ያስቸግራል። ባዶ እጅ መሄድ ግን ነውር ነው፤ ግማሽ ኪሎ ቡናና አንድ ኪሎ ስኳር ጠያቂ የሚያመጣው ነው፣ ማንም በክፍያ አይተረጉመውም። የትራንስፖርት ወጪያቸውንና ከሥራ ያስቀራችኋቸውን ሰዓት መሸፈን ደግሞ ግዴታችሁ ነው።

ኮንዶሚኒየሙ ግቢ ውስጥ ለመቅረጽ የነዋሪዎቹን ኮሚቴ አስቀድማችሁ አነጋግሩ፣ ደብዳቤውን ለጥበቃዎቹ ስጡ። መንገድ ላይና መንግሥት መሥሪያ ቤት የተለየ ፈቃድ ያስፈልጋል። ድሮን ለዚህ ፊልም ምንም አይጨምርም፤ ተዉት።

ካሜራና ብርሃን

የስቱዲዮ ወይም የባለ አንድ መኝታ ቤት ሳሎን ጠባብ ነው። በፉል ፍሬም (ትልቅ ሴንሰር ባለው) ካሜራ 35 ሚሊ ሜትር ሌንስ ሁሉንም ይሠራል፤ ከአንድ ሜትር ተኩል ርቀት ሁለት ሰው ቡና ሲጠጣ ይይዛል። 24 ወይም 28 ለማዕዘን ቀረጻ ይኑራችሁ። ረጅም ሌንስ ይቅር፤ ከሩቅ የተሳበ ፊት የተሰለለ ሰው ያስመስላል፣ ተመልካቹም ይሰማዋል። በርጩማ ላይ የተቀመጠ ሰው ዓይን ከወለሉ አንድ ሜትር ገደማ ላይ ነው፤ ሌንሱም እዚያው ይሁን። ስለዚህ ትራይፖድ ስትገዙ ምን ያህል ከፍ እንደሚል ሳይሆን ምን ያህል ዝቅ እንደሚል እዩ።

የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ ነው። በሴኮንድ 25 ፍሬም፣ በ1/50 የሻተር ፍጥነት ቅረጹ። በ30 ፍሬም በ1/60 ከተቀረጸ የፍሎረሰንቱና የርካሹ ኤልኢዲ አምፖል ብርሃን በግድግዳው ላይ ሲወርድና ሲወጣ ይታያል፤ በኤዲቲንግ ማጽዳቱ እጅግ አድካሚ ነው። 10 ሴኮንድ ቀርጻችሁ ባዶውን ግድግዳ ተመልከቱ። አሁንም ከተንቀጠቀጠ አምፖሉን አጥፍታችሁ በመስኮት ብርሃን ሥሩ። ባለታሪኩ መስኮቱን በጎናቸው ያድርጉ፣ ከጀርባቸው አይሁን፤ የነጭ ሚዛኑን (ዋይት ባላንሱን) 5600 ላይ ቆልፉት።

የሚያስቸግረው ነጠላ ነው። ካሜራው ብርሃኑን በራሱ ሲለካ ነጩን ለማዳን ብሎ ፊቱን ያጠቁረዋል፤ ለፊት ከተለካ ደግሞ ነጠላው ይቃጠላል፣ እጥፋቱ ጠፍቶ ነጭ ብቻ ይሆናል። መፍትሔው ለፊት መለካትና ነጠላው ላይ ቀጥተኛ ፀሐይ እንዳያርፍ ወንበሩን ግማሽ ሜትር ወደ ውስጥ መሳብ ነው። ዜብራን (ከልክ በላይ የበራውን ቦታ በመስመር የሚያሳየውን የካሜራ ምልክት) 95 ላይ አድርጉና የነጠላው እጥፋት እስኪታይ ድረስ አስተካክሉ። ውጭ ስትቀርጹ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ተኩል፣ ከዚያ ከ10 ሰዓት ተኩል በኋላ ያለው ብርሃን ጥሩ ነው። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይዋ አናት ላይ ስለምትሆን የዓይን ጉድጓዶች ይጠቁራሉ።

ድምፅ

እዚህ ላይ ገንዘብ አትቆጥቡ። የአረጋውያን ድምፅ ዝቅ ያለ ነው፣ የኮንዶሚኒየም ግድግዳ ባዶ ሲሚንቶ ነው፤ ሁለቱ ሲገናኙ በጉድጓድ ውስጥ የተነገረ ይመስላል። አንድ የክሊፕ ማይክና አንድ አነስተኛ መቅጃ ያስፈልጋችኋል። ማይኩን ነጠላው ላይ አታድርጉት፤ ባለታሪኩ ነጠላቸውን በየደቂቃው ሲያስተካክሉ ይንኮሻኮሻል። ሹራቡ ወይም ቀሚሱ ላይ፣ ከአገጭ ከ15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ዝቅ ብሎ ይሁን። 48 ኪሎ ኸርዝ፣ 24 ቢት፤ ከፍተኛው ድምፅ ከ−12 ዴሲቤል እንዳያልፍ። መቅጃው ከቻለ ሁለተኛ ትራክ በ10 ዴሲቤል ዝቅ ብሎ ይቅዳ፤ ሳቅ ሲመጣ ያድናችኋል።

ከካሜራ ውጭ ባለው ግድግዳ ላይ ሁለት ጋቢ ወይም ብርድ ልብስ ስቀሉ፣ ማሚቶው ይቀንሳል። ፍሪጁን አጥፉ፤ የራሳችሁን የቤት ቁልፍ ውስጡ አስቀምጡ፣ ሳታበሩት እንዳትሄዱ። ሬዲዮ ክፍት ከሆነ ለቃለ መጠይቁ ይዘጋ፤ ከጀርባ ዘፈን ያለበት ንግግር ሲቆረጥ ዘፈኑ ይዘልላል፣ የቅጂ መብት ጥያቄም አለው። ግን ሬዲዮው ለብቻው ይቀረጽ፤ በብዙ ቤት ከጠዋት እስከ ማታ የሚናገረው እሱ ብቻ ነው። በየቦታው ማንም ሳይናገር የ60 ሴኮንድ ባዶ የክፍል ድምፅ መቅዳት አይዘንጋ። የቅዳሴ ድምፅ ማጉያ ወይም አዛን ሲጀምር እስኪያልቅ ጠብቁ። ከሰኔ እስከ መስከረም መጀመሪያ ላይኛው ፎቅ ቤት የከሰዓት ቃለ መጠይቅ አትያዙ፤ ቆርቆሮው ላይ ዝናብ ሲወርድ ማንም አይሰማም።

ጥያቄው የሚነሣው መቼ ነው?

በአቦል ላይ አይደለም። አቦሉ የሰላምታ ነው፤ ጤና ይጠየቃል፣ ዋጋ ይወራል። ቶናው ሲወርድ ሰው ወደ ራሱ ይመለሳል፣ በበረካ ላይ የሚነገረው ግን ከሁሉም ይበልጣል። ካሜራው ከመጀመሪያው ጀምሮ ይሥራ፣ ዋና ጥያቄዎቻችሁን ግን ለኋላ አቆዩ። አንቱታው ሳይዛነፍ፣ "እማማ"፣ "አባባ"፣ "ጋሼ" እንደ ሰፈሩ ልማድ።

"ብቸኝነት ይሰማዎታል?" ብሎ መጠየቅ በር ይዘጋል፤ መልሱ "እግዚአብሔር ይመስገን" ነው። ቀንና ነገር ያለበትን ጠይቁ፦ ትናንት ቡና ከማን ጋር ጠጡ? ሌሊት ቢያምዎት ማንን ይጠራሉ? የቤቱ ሁለተኛ ቁልፍ ማን ጋ ነው? ስልክዎ ላይ መጨረሻ የደወለው ማነው? የቁልፏ ጥያቄ በተለይ ብዙ ታወጣለች። መልሱ ሲያልቅ ቀጣዩን አትጠይቁ፤ በልባችሁ እስከ ሰባት ቁጠሩ። ዋናው ዓረፍተ ነገር ብዙ ጊዜ ከአራተኛው ሴኮንድ በኋላ ይመጣል። ጎረቤት ገብታ ስለ እሳቸው መመለስ ከጀመረች ካሜራውን ወደ እሷ አዙሩና ጨርሱላት፤ ከዚያ ራሷ ትወጣለች።

ሲያለቅሱ ዙም አታድርጉ። ባላችሁበት ቆዩ፣ ውሃ ስጡ፣ መቀጠል ይፈልጉ እንደሆነ ጠይቁ። በማግስቱ ያ ክፍል እንዲቀር ወይም እንዲገባ እንደገና ይጠየቁ። "ምነው በወሰደኝ" የሚለው አባባል በአረጋውያን አፍ የተለመደ ስለሆነ ብቻውን አያስደነግጥም። ምግብ ካቆሙ፣ ዕቃቸውን ማደል ከጀመሩ ወይም ራሳቸውን ስለሚጎዱበት መንገድ ካወሩ ግን ቀረጻው እዚያው ይቁም፤ ዘመድ ይጠራ፣ ሕክምና ይሂዱ። አዲስ አበባ ከሆነ አማኑኤል ሆስፒታል አለ። ያን ቀን የተቀረጸውን አትጠቀሙበት።

እናንተ ሳትኖሩ ያለውን ሰዓት መቅረጽ

ማንም የማይመጣበት ጊዜ ብዙ ጊዜ ከቀኑ 8 እስከ 10 ሰዓት ነው። ትራይፖዱን ጥግ ላይ አቁሙ፣ ሰፊውን ሌንስ ግጠሙ፣ ካሜራውን አስጀምራችሁ ከቤት ውጡ፤ ደረጃው ላይ ሳይሆን ከብሎኩ ውጡ። ባለታሪኩ ያውቃሉ፣ ማቆሚያዋን ቁልፍ አሳይታችኋቸዋል፣ የተቀረጸውን አብራችሁ ታዩታላችሁ፤ እነዚህ ሦስቱ ካልተሟሉ ስለላ ነው። የመጀመሪያዎቹ 15 ደቂቃዎች በአብዛኛው ይባክናሉ፣ ሰው ካሜራውን ሲያይ ይቆያል፤ የሚጠቅመው ከዚያ በኋላ ያለው ነው። ቆየት ያሉ ካሜራዎች 30 ደቂቃ ሊሞላ ሲል በራሳቸው ስለሚቆሙ አስቀድማችሁ ፈትኑ። ግድግዳው ላይ ያለውን ሶኬት አትመኑ፤ መብራት ይጠፋል፤ ፓወር ባንክ ግጠሙ።

መቅጃውን ደግሞ ከውጭው በር አጠገብ ተዉት። ደረጃ ላይ የሚወጣ የእግር ኮቴ ቀርቦ በሩን አልፎ ሲሄድ ይሰማል፤ ቤት ውስጥ ያለው ሰው የሚያደርገውንም ካሜራው ይይዛል። ከማንኛውም ቃለ መጠይቅ ይልቅ ብቸኝነትን የሚያስረዳው ይህ ነው፣ በሌላ መንገድም አይገኝም።

የሰውን ግንኙነት ደግሞ በትናንሽ ሥራ ፈልጉት። ውሃ በሚመጣበት ቀን ጀሪካን ተሸክሞ አራተኛ ፎቅ የሚያወጣው የጎረቤት ልጅ፣ ታክሲ ውስጥ ቦታ የሚለቀው ወጣት፣ እድሩ ላይ ስም ሲጠራ "አለሁ" የሚለው ድምፅ። በበዓል ቀን ሁሉም ይቀርጻል፤ ቤቱም ሰው ሞልቶበታል። እናንተ በማግስቱ ሂዱ፣ መስከረም 2፣ ታኅሣሥ 30፣ ከዒድ በኋላ ያለው ጠዋት። ለቅሶ ቤት ካሜራ የሚገባው የእድሩ ዳኛና የሟች ቤተሰብ ከፈቀዱ ብቻ ነው፤ ከድንኳኑ ኋላ ቁሙ፣ የሐዘንተኛ ፊት አትቅረጹ።

ፋይልና ኤዲቲንግ

በሴኮንድ 50 ሜጋ ቢት የተቀረጸ ኤችዲ በሰዓት 22.5 ጊጋ ባይት፣ በሴኮንድ 100 ሜጋ ቢት የተቀረጸ 4ኬ 45 ጊጋ ባይት ይይዛል። በቀን ሁለት ሰዓት ለ15 ቀን በ4ኬ ብትቀርጹ 1.35 ቴራ ባይት ነው፤ እያንዳንዳቸው 2 ቴራ የሆኑ ሁለት ሃርድ ዲስኮች ግዙ፣ አንዱ ሌላ ሰው ቤት ይቀመጥ። ሁለቱ ላይ ሳይገለበጥ ሚሞሪ ካርዱ ላይ ያለው አይሰረዝ።

ንግግሩን ሁሉ ከነሰዓቱ በጽሑፍ ገልብጡ፤ ለአንድ ሰዓት ቀረጻ አራት አምስት ሰዓት ይፈጃል፣ ግን ፊልሙ የሚገኘው እዚያ ነው። ዝምታውን አትቁረጡ። የበር መከፈት፣ መቀመጥ፣ ማዳመጥ ሙሉ ጊዜው ይሰጠው። በሐዘን ንግግር ሥር ማሲንቆና የትዝታ ቅኝት መደረብ የተለመደ ነው፤ እኔ በጽኑ እቃወመዋለሁ፣ ተመልካቹ ምን እንዲሰማው እየታዘዘ ፊቱን ማየት ያቆማልና። ለቴሌቪዥን 26 ወይም 52 ደቂቃ ርዝመት ይመቻል። የአማርኛ የግርጌ ጽሑፍ ካስገባችሁ አንዳንድ ሶፍትዌሮች ፊደላችንን ባዶ ሳጥን ስለሚያደርጉት እንደ ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክ ያለ ፎንት ጫኑ፤ ከሁለት መስመር አይብለጥ።

የመውጫው ዕቅድ

የመጨረሻው የቀረጻ ቀን ከመጀመሪያው በፊት ይወሰን፣ ባለታሪኩም ይወቁት፦ "እስከ ጥር እመጣለሁ፣ ከዚያ በወር አንዴ።" ከአራተኛው ወር ጀምሮ ጉብኝቱን አሳሱ፣ በድንገት አታቁሙ። በቀረጻው ጊዜ ያወቃችኋቸውን ሰዎች አገናኙ፤ ከታችኛው ፎቅ ያሉት ሴትዮ ደግሞ በተመሳሳይ ቀን ወደ ተመሳሳይ ሰፈር ለእድር እንደሚሄዱ የምታውቁት እናንተ ብቻ ልትሆኑ ትችላላችሁ። ይህ ፊልሙን ይለውጠዋል የሚል ሥጋት አለ። ይለውጠው፤ ተገናኝተው ሲሄዱም ቅረጹ፣ እናንተ እንዳገናኛችኋቸው ግን በፊልሙ ውስጥ ይነገር።

የመጀመሪያው ዕይታ በቤታቸው፣ ለብቻቸው ይሁን። "ይውጣልኝ" ያሉት ይወጣል፣ ክርክር የለም። ሁለተኛው ከእድሩ ሰዎች ጋር፣ በእድሩ ወንበሮች ላይ ነው። አዳራሽ ከዚያ በኋላ ይመጣል፤ ባለታሪኩ አዳራሹ ላይ ከተገኙ የሚመልሳቸው መኪና ይዘጋጅ፣ ጭብጨባው ሲያልቅ ታክሲ ሲጠብቁ እንዳይገኙ። ፊልሙን በፍላሽ ስጧቸው፣ ከእሱ በላይ የሚወዱትን ደግሞ ጨምሩ፦ ከቀረጻው የወጡ አሥር የታተሙ ፎቶዎች። ከምረቃው በኋላ የሚደረጉትን ቢያንስ ሦስት ጉብኝቶች፣ ከቡናውና ከስኳሩ ጋር፣ ገና ማመልከቻ ስትጽፉ በበጀቱ ውስጥ በአንድ መስመር አስገቡ፤ በጀት ያልተያዘለት ጉብኝት አይደረግም።